ከንፈሩን ያነበበችው

እኔ እንኳ ማንም ነኝ፤ መዘውር አዟሪ፣
ከሰው ጀርባ ቆሜ ብርሃን ወርዋሪ።
ቶሪኖ ነው አገሩ፣ ከፖ ወንዝ በስተግራ፣
ግድግዳውን ከሻማ ፋብሪካ የሚጋራ
አዳራሽ ነበረን፣ ሰባ ወንበር ያለው፤
ስድስቱ ሰባራ፣ አንዱን ድመት የወረሰችው።

ኦሬስቴ ጋልያርዲን ያወቅሁት እዚያ ነው፤
መጀመሪያ በጥላው፣ ኋላ ነው በሥጋው።
የሥጋ ቤት ልጅ ነው። ገና በልጅነት
ቃል ጉሮሮው ገብቶ እንደ ዓሣ አጥንት
ይሰነቀርበታል። በተለይ «መ» ስትሆን
ደጅ ጠኚ ይመስላል፤ ይቆማል ሙሉ ቀን።

ሲኒማ ግን ያኔ ጆሮ አልነበረውም።
«ከንፈርህን አንቀሳቅስ» አሉት፤ «ቃሉ ግድ የለውም።»

ከዚያማ ምን ልበል! መስፍን፣ መነኩሴ፣ ሽፍታ፣
ከባቡር ላይ ዘሎ የሚያመልጥ ጌታ፤
ዐይኑን በኩል ተኩሎ፣ ፊቱን ዱቄት ነስንሶ፣
ሴቱን ሁሉ አሳበደ በአንድ ትከሻ መልሶ።
ፖስታ ካርድ ላይ ወጣ። ሲጋራ በስሙ ተሸጠ።
በዓመት አሥራ አንዴ ሞቶ፣ አሥራ አንዴ ለራት ተቀመጠ።

አንድ ሐሙስ ደብዳቤ መጣ፣ በእኔ እጅ በኩል፤
የጓንት ሰፊ ጽሕፈት፣ እንደ ስፌቷ እኩል እኩል።

«ዞራይዴ እባላለሁ። ከተወለድሁ አልሰማሁም።
ሰው ጽሑፉን ይጠብቃል፤ እኔ ግን አልጠብቅም፤
ከንፈር ነው የማነብ። በሦስተኛው ጥቅል፣
‹ያለ አንቺ አልኖርም› ሲል ጽሑፉ በትልቅ ፊደል፣
አንተ ግን ከእግሯ ሥር ተንበርክከህ ያልካት
‹ቦት ጫማው ገደለኝ፤ ምሳ መቼ ነው?› ናት።
አላፈርሁብህም፤ ሳቅሁ። ግን ልጠይቅህ አንድ ነገር፦
‹ምሳ› ልትል ስትታገል፣ ከንፈርህ እንደ ዛገ በር
አራት ጊዜ ተገፋ። ከእኔ ሌላ ይህን ያየ አለ?»

ደብዳቤውን አጥፎ፣ ዘርግቶ፣ ደግሞ አጥፎ፣ «ያዘችኝ» አለ።
የአንድ ከተማ ጆሮ ያመለጠው ሰው
በጓንት ሰፊ ዐይን ተያዘ፤ ደስ አለው።

ከዚያ ወዲያ በየፊልሙ፣ ቢታረድም ቢሰቀልም፣
ለእሷ ይናገር ጀመር፤ ሌላ ሰው አያውቅም።
የንግሥት እጅ እየሳመ «እናቴ ታማለች» ይላል፤
ጎራዴ እየመዘዘ «የቤት ኪራይ ጨምሯል»።
አንዴማ በሞት አልጋ፣ ጽሑፉ «እግዜር ይማርሽ»፣
እሱ «ዞ-ዞ-ዞራይዴ፣ እሑድ ወንዙ ዳር ልጠብቅሽ?»
ከስድስተኛው ረድፍ ተነሥታ «እሺ» አለች በራሷ፤
«ቁጭ በይ!» ብለው ጮኹባት። አልሰማችም እሷ።

ኋላ ድምፅ መጣ። ማጉያ በግድግዳው ተሰቀለ።
ለፈተና ጠሩት። ፊቱን አቅንቶ «መ-መ-መ…» አለ።
መሐንዲሱ ሽቦው ተበላሸ ብሎ ፈተሸ።
ኦሬስቴ ኮፍያውን አነሣ። በቃ፣ መሸ።

የእሱን ሁሉም አወራ፤ ጋዜጣው «ወይኔ» አለ።
የእሷን ግን ማን አየ? ጽሑፉ ከፊልሙ ተነቀለ።
አሁን ተዋናይ ሁሉ ጀርባውን ሰጥቶ ያወራል፣
በር ዘግቶ ያወራል፤ ከንፈሩ የት ይታያል?
ሰው ሲስቅ ዘወር ብላ የሰው ጥርስ ታያለች፤
አንድ ቀን ቲኬቷን ሳይቀደድ መልሳልኝ ሄደች።

የድሮውን ጥቅል ፋብሪካ በኪሎ ገዛን፣
አቅልጦ ማበጠሪያ ሊያደርገው። ጋሪው ሲጫን
እኔ ነኝ ያስረከብሁት፣ ሠላሳ ሁለት ቆርቆሮ፤
ሠርጉም፣ ጎራዴውም፣ ያ ሁሉ ሞት ባንድ ታስሮ።

ትናንት በፖርታ ፓላዞ ገበያ አለፍሁ።
ጓንትና ማበጠሪያ ሲሸጡ አየሁ።
ገዢ አልነበረም። እሷ መስታወት ይዛለች፣
እሱ ከኋላ ፀጉሯን ያበጥራል፤ ጥርሷ ተሰብራለች
ማበጠሪያዋ። (ከየትኛው ፊልም ትሆን?)
ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ። ዛገ። ገፋ። ተከፈተ እንደምንም።
ከጀርባዬ ትራም አለፈ፤ ምን እንዳለ አልሰማሁም።
እሷ ግን ሳቀች።